ቃል መድረክ ላይ ሲጠፋ

ውድ ልጆቼ፣

ባለፈው ሳምንት አንዲት ወጣት ተዋናይት ደወለችልኝ። መድረክ ላይ ቃለ ተውኔቱ ጠፍቶባት ደርቃ ቀርታለች። «ጋሼ፣ ሁለተኛ መድረክ አልወጣም» አለችኝ። ድምጿ ይንቀጠቀጣል። በስልክ ብዙ ማለት አልቻልኩም። ስለዚህ ለእሷም፣ እንደ እሷ ለፈራችሁ ሁሉም ስለ አንድ ሰው ልጻፍላችሁ።

ኢያን ሆልም ይባላል፤ እንግሊዛዊ ነው። ፊቱን ብዙዎቻችሁ ታውቁታላችሁ። «ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ» ላይ ሽማግሌውን ቢልቦን ሆኖ የሠራው እሱ ነው። እኔ የምነግራችሁ ግን ከዚያ 25 ዓመት ቀደም ብሎ የደረሰበትን ነው።

በ1931 እ.ኤ.አ. ተወለደ። ለንደን የሮያል ድራማ አካዳሚ ተማረ። ከዚያ ሼክስፒር በተወለደባት በስትራትፎርድ ጦር ይዘው ዝም ብለው ከሚቆሙት ተርታ ጀመረ። ቁመቱ አጭር ነበር። ቢሆንም ሄንሪ አምስተኛንም ሪቻርድ ሦስተኛንም ሆኖ ነገሠ። በ1965 በእንግሊዛዊው ጸሐፌ ተውኔት በሃሮልድ ፒንተር «ዘ ሆምካሚንግ» ለንደን ኦልድዊች ቴአትር ላይ ወጣ። ይኸው ሥራ ኒው ዮርክ ሄዶ በ1967 ቶኒ የሚባለውን የአሜሪካ የቴአትር ሽልማት አስገኘለት።

በ1976 እዚያው ኦልድዊች ተመለሰ። ተውኔቱ የአሜሪካዊው ጸሐፊ የዩጂን ኦኒል ነው፤ የእሱ ገፀ ባህርይ መጨረሻው ላይ እጅግ ረጅም ንግግር አለው። ያኔ ከሃያ ዓመት በላይ መድረክ ላይ የኖረ፣ የተሸለመ ሰው ነው። ፍርሃት ያዘው። ቃሉ ጠፋ። ሥራውን ትቶ ወጣ።

ይህን ስሜት አውቀዋለሁ። አንድ ምሽት እኔም ላይ ደርሷል። ምላሴ ከላንቃዬ ተጣበቀ። ፊት ረድፍ ላይ አንድ ሕፃን ብስኩት ሲቆረጥም ጥርት ብሎ ይሰማኛል፤ የእኔ ቃል ግን የለም። አብሮኝ የሚጫወተው ጓደኛዬ ዓይኔን አይቶ ገባው። ጠጋ ብሎ ትከሻዬን ያዘና የእኔን ቃል በጥያቄ መልክ ጠየቀኝ። «አዎ» አልኩ፤ ከዚያ ቀሪው መጣ። ሆልም በዚያ ምሽት እንዲህ ያለ እጅ አላገኘ ይሆናል።

ፍርሃቱን ለመግደል «አንድ ሁለት» ብለው መድረክ የሚወጡ ጓደኞች ነበሩኝ። እባካችሁ፣ በዚያ በኩል አትሂዱ። መጠጡ ፍርሃቱን አይነካውም፤ የሚወስደው ድምፃችሁን ነው።

ሆልም ከጥቂት ሙከራ በቀር ለረጅም ጊዜ ከመድረክ ራቀ። ትወናን ግን አልተወም። ፊልም ሠራ፤ ፊልም ላይ ቃል ቢጠፋ እንደገና ይቀረጻል። በ1981 የቢቢሲ ራዲዮ ያንኑ የ«ሎርድ ኦፍ ዘ ሪንግስ» ታሪክ ሲያቀርብ ዋናውን ገፀ ባህርይ ፍሮዶን ሆነ፤ ራዲዮ ላይ ደግሞ ወረቀቱ ከፊት ነው።

በዚያው ዓመት «ቻሪየትስ ኦፍ ፋየር» የሚባለው ፊልም ወጣ። ሆልም የሯጩን የአብርሃምስን አሠልጣኝ ሙሳቢኒን ሆኖ ይጫወታል። ጊዜው የ1924ቱ የፓሪስ ኦሊምፒክ ነው። ያኔ ኦሊምፒክ ገንዘብ የማይከፈላቸው ሰዎች ውድድር ነበር፤ አሠልጣኙ በሙያው ገንዘብ ስለሚቀበል ስታዲየም አልገባም። ብቻውን ሆቴል ክፍሉ ውስጥ ቁጭ ብሏል። ሩጫውን አያየውም። ከዚያ በመስኮቱ የእንግሊዝ ባንዲራ ከፍ ሲል ያያል፤ መዝሙሩን ይሰማል። ባርኔጣውን አንስቶ በቡጢ ይበሳዋል። በቃ፣ ይኸው ነው። አብሮት የሚጫወት ማንም የለም፣ ቃል የለም ማለት ይቻላል። እኔ ስንቴ እንዳየሁት አላውቅም፤ ባየሁት ቁጥር ጉሮሮዬን ያንቀኛል። ለዚህ ሚና ለኦስካር ታጨ። ከመድረክ ሸሽቶ በቆየባቸው ዓመታት የሠራው ነው፤ ልብ በሉልኝ።

በ1993 ተመለሰ። የተመለሰበትን መንገድ እዩት። የመረጠው የፒንተርን አዲስ ተውኔት ነው። አነጋገሩን ከወጣትነቱ ጀምሮ የሚያውቀውን፣ አፉ የለመደውን ጸሐፊ። መድረኩም ትንሹ አልሜዳ ቴአትር ነበር። ከታላቅ ፍርሃት በኋላ በማታውቁት በር አትግቡ የምላችሁ ለዚህ ነው።

ከአራት ዓመት በኋላ፣ በ65 ዓመቱ፣ የሼክስፒርን ንጉሥ ሊርን ተጫወተ። በለንደኑ ብሔራዊ ቴአትር ትንሿ አዳራሽ ተመልካቹ ከተዋናዩ ጥቂት እርምጃ ርቆ ይቀመጣል። ተውኔቱ ውስጥ ማዕበሉ ሲመጣ ሆልም ልብሱን ሁሉ አውልቆ እርቃኑን ቆመ። የሰው ዓይን አስፈርቶት የሸሸው ያው ሰው! ኦሊቪየር የሚባለውን የእንግሊዝ የቴአትር ሽልማት ወሰደ፤ በ1998 ሰር ተባለ። በ2020 በ88 ዓመቱ አረፈ።

አንቺ የደወልሽልኝ ልጅ፣ የተውኔቱን ጽሑፍ ለአዘጋጁ አትመልሺ። ሐሙስ ማታ ቤት ነኝ። ይዘሽው ነይ። ሻይ አፍልተን፣ ወረቀቱን ከፊታችን ዘርግተን፣ ድምፃችንን አውጥተን እናነበዋለን። የሌሎቹን ሚና እኔ እይዝልሻለሁ።