ስለ ቱርክ አማተር ቦክስ ዳኞች ጠይቁኝ

ሰላም ቤተሰብ። ጥያቄ ያላችሁ ወዲህ በሉ። አስቀድሜ ላስጠንቅቅ፦ ሪንግ ውስጥ የምታዩት የመሃል ዳኛ ነጥብ አይሰጥም። ነጥብ የሚሰጡት ዙሪያውን የተቀመጡት አምስቱ ናቸው። ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።

ቢጫ ጓንት፦ ጋሼ፣ ቱርክ ውስጥ እንዴት ነው ዳኛ የሚኮነው?

መልስ፦ ኮርስ ወስደህ፣ ተፈትነህ እጩ ትሆናለህ። ከዚያ የክፍለ ሀገር፣ ከዚያ ብሔራዊ፣ በመጨረሻ ዓለም አቀፍ። በድሮው የዓለም ቦክስ ማኅበር (IBA) ዓለም አቀፉም ከአንድ እስከ ሦስት ኮከብ ነበረው።

ሳተናው፦ ደሞዙስ?

መልስ፦ ገንዘብ ከፈለግክ ሌላ ሥራ ያዝ። ቀጣይ።

የመርካቶ ልጅ፦ ቱርካዊቷ ቡሴናዝ ሱርሜኔሊ ቶኪዮ ኦሊምፒክ ላይ ወርቅ ስትወስድ ዳኛው የአገሯ ሰው ነበር እንዴ?

መልስ፦ በጭራሽ! ዳኛ የአገሩን ልጅ አይዳኝም። ጉዱ ያለው እዚህ ላይ ነው። ያ ወርቅ ለቱርክ በኦሊምፒክ ቦክስ የመጀመሪያዋ ነበር፣ አንድ ቱርካዊ ዳኛ ግን ዕድሜውን ሙሉ ለፍቶ እዚያ ቢደርስ እንኳ ያንን ግጥሚያ ከዳር ሆኖ ከማየት በቀር ምንም ማድረግ አይችልም። በ2022 የሴቶች የዓለም ሻምፒዮና ኢስታንቡል ላይ ሲደረግ ቱርኮቹ በ12 ክብደት 5 ወርቅ ወሰዱ። ቢያንስ አምስት ፍጻሜ በገዛ ከተማው ተዘጋበት ማለት ነው። በ2024 ፓሪስ ኦሊምፒክም ቡሴ ናዝ ቻክሮግሉና ሃቲጄ አክባሽ ፍጻሜ ገቡ፣ ሁለት ተጨማሪ። ልጆቹ ሲያሸንፉ የእሱ ፍጻሜ ይቀራል፣ ሲሸነፉ በር ይከፈትለታል። ይህን ስሜት የትኛውም የቡድን ደጋፊ አያውቀውም።

ሳተናው፦ 1988 ሴኡል ኦሊምፒክ ላይ አሜሪካዊውን ቦክሰኛ ሮይ ጆንስን የበላው ዳኛ ቱርክ ነው አሉ።

መልስ፦ ማነው ያለው? ለኮሪያው ፓርክ ሲ ሁን የፈረዱት የዩጋንዳ፣ የኡራጓይና የሞሮኮ ነጥብ ሰጪዎች ናቸው፣ 3 ለ 2። ደግሞም ነጥብ ሰጪዎች አልኩ! የመሃል ዳኛው እጅ ከማንሳት ውጪ ምን ያድርግ?

ቢጫ ጓንት፦ ዳኞች ቁልፍ እየተጫኑ ቡጢ የሚቆጥሩበት የድሮው ኮምፒውተር ይሻል ነበር።

የመርካቶ ልጅ፦ ምኑ ነው የሚሻለው? ሦስት ዳኛ በአንድ ሰከንድ ውስጥ ቁልፍ ካልተጫነ ቡጢው እንዳልነበረ ነበር የሚቆጠረው።

ቢጫ ጓንት፦ ለዙሩ አሸናፊ 10 በሚሰጥበት በኋለኛው አሠራርስ ሪዮ 2016 ላይ ምን አየን? አይርላንዳዊው ኮንላን ተዘረፈ!

የመርካቶ ልጅ፦ አንተ ደግሞ ሁሌ ኮንላን።

መልስ፦ ሁለታችሁም ውጭ ወጥታችሁ ተጣሉ። እዚህ ቱርክ ነው የያዝነው።

ሳተናው፦ እሺ፣ መጥፎ የመሃል ዳኛ በምን ይታወቃል?

መልስ፦ በመጨረሻ አንድ ጥሩ ጥያቄ። ሥራው ልጁን ማትረፍ ነው። ሲናወጥ አስቁሞ እስከ ስምንት ይቆጥራል፣ ዓይኑን ያያል፣ ካልጣመው ይጨርሳል። ለንደን 2012 ላይ ጃፓናዊው ሺሚዙ የአዘርባጃኑን ልጅ በሦስተኛው ዙር ስድስት ጊዜ ሲጥለው ዳኛው አንዴም አልቆጠረም፣ የወደቀው ልጅ አሸናፊ ተባለ። በይግባኝ ውጤቱ ተገለበጠ፣ ዳኛውም ወደ አገሩ ተሸኘ። የቱርክሜኒስታን ሰው ነው፣ የቱርክ አይደለም፣ አታምታቱ።

ቢጫ ጓንት፦ ስለዚህ ነጥቡን የሰጠው እሱ ነው?

መልስ፦ ኧረ በፈጠራችሁ።

የመርካቶ ልጅ፦ 2028 ሎስ አንጀለስ ኦሊምፒክ ላይስ የዳኞቹ ነገር?

መልስ፦ ኦሊምፒክ ኮሚቴው በ2023 ለድሮው ማኅበር እውቅና ነፈገ፣ በ2025 ለአዲሱ ማኅበር ለዎርልድ ቦክሲንግ ጊዜያዊ እውቅና ሰጠ። በድሮው ማኅበር የተገኘው የዳኞቹ ኮከብ ጉዳይ ረጅም ነው፣ እራት ቀርቦልኛል።