መልስ፦ እናቴ ካሜራ ፊት ዝም ትላለች፣ ፊልሙን ልተወው?

«እናቴን ስለ ልጅነታችን ቁስል ስጠይቃት ካሜራ ፊት ዝም ትላለች፤ ዘጋቢ ፊልሙን ልተወው ወይ?» ብለሃል። እኔ አትተወው ባይ ነኝ። ግን በ«ለምን» አትጀምር፤ ክስ ይመስላል። አንድ የድሮ ፎቶ እጇ ላይ አስቀምጥና «ይሄን ማን አነሳው?» በላት። ከዚያ አንተም ዝም በል። አውራ ጣቷ የፎቶውን ጠርዝ ሲዳብስ ቅረጸው። ያ ራሱ መልስ ነው።

ካናዳዊቷ ሣራ ፖሊ እ.ኤ.አ. በ2012 ስለ ቤተሰቧ ምስጢር በሠራችው ፊልም፣ ያሳደጋት አባቷ ራሱ የጻፈውን ስቱዲዮ ገብቶ ያነባል። እሷ ደግሞ እያስቆመች መስመር ታስደግመዋለች። ልጁም ናት፣ ዳይሬክተሩም ናት። ለማየት ትንሽ ይከብዳል፤ እኔ ግን ከፊልሙ ሁሉ የወደድኩት እሱን ነው። የእናቷ የድሮ ቀረጻ ከሚመስለው ውስጥ ብዙው በተዋናዮች የተሠራ ነው። ስለዚህ «ከድሮው የተቀረጸ ነገር የለኝም» ብለህ አትጨነቅ።

ደግሞ እናትህ «ካሜራውን አጥፋው» ካለችህ ወዲያው አጥፋ። ኤዲት ያደረግከውን ከማንም በፊት እሷ ትየው። ይውጣልኝ ያለችው ይውጣ፣ ቢያንገበግብህም።