መልስ፦ የሞሪኮኔ ሙዚቃ ከቀረጻ በፊት ወይስ በኋላ?

ሰላም፣ የፊልም ሙዚቃ ደራሲው ኤንዮ ሞሪኮኔ ሙዚቃውን የሚሠራው ፊልሙ ከመቀረጹ በፊት ነው ወይስ በኋላ ብለህ ጠይቀሃል፤ እንደ ፊልሙ ይለያያል። እ.ኤ.አ. በ1964 ሞሪኮኔ ለዳይሬክተሩ ሰርጂዮ ሊዮኔ የመጀመሪያውን ዌስተርን (የካውቦይ ፊልም) ሙዚቃ ሲሠራ በጀቱ ለሙሉ ኦርኬስትራ አልበቃም፤ ስለዚህ ፉጨት፣ የጅራፍ ድምፅና ኤሌክትሪክ ጊታር አስገባ። ፉጨቱ የሞሪኮኔ የራሱ ነው ወይ ላልከው፣ አይደለም፤ የአሌሳንድሮ አሌሳንድሮኒ ነው።

በ1968ቱ የሊዮኔ ፊልም «ዋንስ አፖን ኤ ታይም ኢን ዘ ዌስት» ግን ዋናዎቹ ዜማዎች አስቀድመው ተቀድተው በቀረጻው ቦታ ለተዋንያኑ ይከፈቱ ነበር። ተዋናይቷ ክላውዲያ ካርዲናሌ ከባቡር ጣቢያው የምትወጣበትን ትዕይንት በደንብ አድምጥ፦ ካሜራው ከጣሪያው በላይ ከፍ የሚለው ዜማውን ተከትሎ ነው። ቃል የሌለው የሴት ድምፅ የኤዳ ዴል ኦርሶ፣ ሃርሞኒካው የፍራንኮ ዴ ጀሚኒ ነው።

ኦስካርን በተመለከተ፦ ሞሪኮኔ በ2007 የክብር ሽልማት፣ በ2016 ደግሞ በውድድር አገኘ፣ ያውም በ87 ዓመቱ። በእኔ እይታ በጣም ዘግይቷል።