ከጭቃ ውስጥ የተረፈው፦ ስለ ደለልና ስለ ኦርጋኒክ ቁስ የቀረቡ ጥያቄዎችና መልሶቻቸው

ሕይወት ካላቸው ነገሮች የተገኘ ካርቦን በጭቃ፣ በደለልና በድንጋይ ውስጥ ምን እንደሚሆን የሚያጠናው ሙያ ኦርጋኒክ ጂኦኬሚስትሪ ይባላል። እኔም ለብዙ ዓመታት የሐይቅ ጭቃ ስመረምር የቆየሁ የድሬዳዋ ነዋሪ በመሆኔ፣ ጥያቄ ያላችሁ ሁሉ እንድትልኩልኝ ጋብዤ ነበር። ከድሬዳዋ፣ ከሐረር፣ ከሐረማያና ከአወዳይ የደረሱኝን እንደ አመጣጣቸው እመልሳለሁ።

ጥያቄ (ከሳቢያን፣ የ11ኛ ክፍል ተማሪ)፦ መምህር፣ ቅጠልም ሥጋም በስብሶ ይጠፋል። ታዲያ ከሺህ ዓመት በኋላ ጭቃ ውስጥ ምን ይገኛል ተብሎ ነው የሚፈለገው?

መልስ፦ ልጄ፣ የጠየቅሽው የሙያው መነሻ ነው። አብዛኛው በእርግጥ ይጠፋል። በባሕርና በሐይቅ ውስጥ በፀሐይ ብርሃን ኃይል ከሚሠራው ኦርጋኒክ ቁስ፣ በዓለም ደረጃ ሲታሰብ፣ ደለል ውስጥ ተቀብሮ ለረጅም ዘመን የሚቆየው ከመቶ አንድ እጅ እንኳ አይሞላም። ቀሪውን ተሕዋስያን ይበሉትና ካርቦን ዳይኦክሳይድ ሆኖ ወደ ውሃውና ወደ አየሩ ይመለሳል። የሚተርፈውም ቢሆን በአጋጣሚ የተረፈ አይደለም፤ ስኳርና ፕሮቲን ቶሎ ሲበሉ የቅጠል ሰም፣ የአልጌና የባክቴሪያ ቅባት፣ እንዲሁም እንጨትን የሚያጠነክረው ሊግኒን ይቆያሉ። ስለዚህ አንድ ጭቃ ምን እንደሚነግረን ከመጠየቃችን በፊት በውስጡ ያለው ቁስ እንዴት እንደ ተረፈ መጠየቅ አለብን፤ በሚቀጥሉት መልሶችም ይህንኑ ደጋግሜ ባነሣ አትሰልቹብኝ።

ለመትረፍ የሚረዱት ነገሮች ጥቂት ናቸው። ከታች ያለው ውሃ ኦክስጅን ካነሰው፣ ደለሉ ቶሎ ቶሎ እየተደራረበ የወደቀውን ከሸፈነው፣ ቅንጣቶቹም ደቃቅ ሸክላ ከሆኑ ኦርጋኒክ ቁሱ የመቆየት ዕድል ያገኛል፤ ሸክላ በክብደቱ ልክ እጅግ ሰፊ ገጽ ስላለው ሞለኪውሎቹ በላዩ ተጣብቀው ከባክቴሪያ ይሸሸጋሉና። በድሬዳዋ የሚያልፈውን የደቻቱን ወንዝ ያየሽ እንደ ሆነ የዚህን ተቃራኒ ታገኚያለሽ። ክረምት ላይ በድንገት የሚወርደው ጎርፍ ደቃቁን ጠርጎ ወደ ቆላው ይወስደዋል፤ የሚቀረው አሸዋና ጠጠር ግን አየር በቀላሉ ስለሚገባው በውስጡ የሚቆይ ኦርጋኒክ ቁስ እምብዛም የለም። ከደቻቱ አሸዋ ናሙና ልውሰድ የሚል ተማሪ በመጣ ቁጥር ወደ ሐይቅ ሂድ የምለው ስለዚህ ነው።

ጥያቄ (ከሐረማያ)፦ ሐይቃችን በ1990ዎቹ ደርቆ ከብት ሲሰማራበት አይተናል፤ አሁን ውሃው ተመልሷል። በጭቃው ውስጥ የነበረው ታሪክ ጠፋ ማለት ነው?

መልስ፦ ሁሉም አልጠፋም፤ የላይኛው ክፍል ግን ተጎድቷል ብሎ ማሰብ ተገቢ ነው። ሐይቅ ሲደርቅ ጭቃው ይሰነጠቃል፣ በስንጥቁም ኦክስጅን ይገባል፤ ውሃ ሥር ሆኖ ለብዙ ዘመናት የቆየ ቁስ በጥቂት ወቅቶች ውስጥ ሊበላ ይችላል። ሣር ይበቅልበታል፣ ሥሩም ወደ ታች ወርዶ አዲስ ካርቦን በአሮጌው ላይ ይጨምርበታል። የከብት ኮቴና የሰው አካፋ ደግሞ የንብርብሩን ቅደም ተከተል ያምሰዋል። ከዚህም በላይ ሐይቁ ደርቆ በነበረበት ጊዜ የተቀመጠ ደለል ስለሌለ ወይም የነበረውን ነፋስ ስለ ወሰደው፣ ከመዝገቡ ውስጥ ጥቂት ገጾች እንደ ተቀደዱ ይቆጠራል። ስለዚህ ከሐረማያ ጭቃ በቱቦ ወግቶ የሚያወጣ ተመራማሪ የደረቀበትን ንብርብር በቅድሚያ መለየት ይኖርበታል፤ በዚያ ንብርብር ጭቃው ጠንከር ይላል፣ የስንጥቅና የሥር ምልክት ይታይበታል፣ የካርቦኑም መጠን ዝቅ ይላል። ከዚያ በታች ያለውን ሁልጊዜ እርጥብ ሆኖ የቆየ ጭቃ ግን በእምነት ማንበብ ይቻላል። ይህን ንብርብር ዘሎ ከላይ እስከ ታች ዓመታትን እኩል አካፍሎ መቁጠር ስሕተት ነው፤ ሲደረግም አይቻለሁ፣ ያዘንኩበትም ነገር ነው።

ጥያቄ (ከአወዳይ፣ አርሶ አደር)፦ አባቴ ማሽላ የዘራበትን መሬት እኔ ጫት ተክዬበታለሁ። ይህ ለውጥ ከጭቃ ይታወቃል ሲሉ ሰማሁ፤ እውነት ነው?

መልስ፦ እውነት ነው፣ ገደብ ግን አለው። ዕፅዋት ከአየር ካርቦን የሚወስዱበት መንገድ አንድ ዓይነት አይደለም። ማሽላ፣ በቆሎና አብዛኛው የቆላ ሣር በአንድ መንገድ ይወስዳሉ፤ ጫት፣ ቡና፣ ስንዴ፣ ገብስና ዛፎች ሁሉ ማለት ይቻላል በሌላ መንገድ። በተፈጥሮ ካርቦን ውስጥ አይሶቶፕ የሚባሉ ሁለት ዓይነቶች፣ ቀላሉ ካርቦን 12 እና ከበድ ያለው ካርቦን 13 አሉ፤ የእነ ማሽላ መንገድ ከባዱን በመጠኑ ብቻ ሲቀንስ የእነ ጫት መንገድ ይበልጥ ይቀንሰዋል። ከዓለም አቀፉ መለኪያ ጋር ሲነጻጸር የማሽላ ቅጠል በአማካይ ከሺህ 13 ያህል ዝቅ ይላል፣ የጫት ዓይነቱ ደግሞ ከሺህ 27 ያህል። ቅጠሉ ረግፎ፣ በጎርፍ ተወስዶና በሐይቅ ሥር ተቀብሮም ይህ ልዩነት ይቆያል። አንድ ንብርብር ከሺህ 20 ዝቅ ብሎ ቢገኝ፣ ከየብስ የመጣው ቁስ ከሁለቱ ወገን በግምት እኩል ተቀላቅሏል እንላለን።

ገደቡ እንዲህ ነው። ይህ ቁጥር ጫትን ከቡና፣ ቡናንም ከጥድ አይለይም፤ ሁሉም አንድ ወገን ናቸውና። ደን ተመንጥሮ ጫት ቢተከል ለውጡ አይታይም፤ የማሽላ ማሳ ወደ ጫት ሲዞር ግን በግልጽ ይታያል። ሌላው ደግሞ በሐይቁ ውስጥ የሚበቅለው አልጌ ራሱ የራሱን ካርቦን ስለሚጨምር ጠቅላላውን ጭቃ መለካት ያሳስታል። ስለዚህ ጥንቁቅ ሰው የቅጠል ሰምን ለይቶ ያወጣል። በቅጠል ላይ ያለው ሰም 27፣ 29፣ 31 ወይም 33 ካርቦን የተያያዙባቸው ረጃጅም ሰንሰለቶች አሉት፤ ጎዶሎ ቁጥር ያላቸው ከሙሉዎቹ ይበዛሉ። የአልጌ ሰንሰለት ግን አጠር ይላል፣ በ17 አካባቢ ነው። ረጃጅሞቹን ብቻ ለይተን አይሶቶፓቸውን ስንለካ የምንሰማው የማሳውን ድምፅ ነው፤ በአልጌው አይሸፈንም። ሰሙ ደግሞ ከቅጠሉ ሥጋ ይልቅ ዝቅ ያለ ቁጥር ስላለው፣ ሰም ከሰም ጋር ብቻ ይነጻጸራል።

ጥያቄ (ከሐረር፣ የላቦራቶሪ ባለሙያ)፦ አንዱን ናሙና በማቃጠልም በዳይክሮሜትም ለካሁት፤ ውጤቶቹ በጣም ተራራቁ። የትኛውን ልመን?

መልስ፦ ሁለቱ የሚለኩት አንድ ነገር እንዳልሆነ ካስተዋሉ መራራቃቸው አያስደንቅም። በማቃጠል ዘዴ ናሙናው በመጀመሪያ በ105 ዲግሪ ይደርቃል፤ ከዚያም በ550 ዲግሪ ለአራት ሰዓት ያህል ተቃጥሎ የቀነሰው ክብደት ኦርጋኒክ ቁስ ነው ይባላል። ነገር ግን ሸክላ የበዛበት ናሙና በዚያ ሙቀት በውስጡ ያሰረውን ውሃ ጭምር ስለሚለቅ ውጤቱ ይጋነናል። በዳይክሮሜት፣ ማለትም ካርቦኑን ኦክሳይድ በሚያደርግ ኬሚካል፣ የሚሠራው፣ እ.ኤ.አ. በ1934 በዎክሌይና በብላክ የቀረበው ዘዴ ደግሞ በአማካይ ከካርቦኑ ሦስት አራተኛውን ያህል ብቻ ስለሚደርስበት በ1.3 ገደማ ይባዛል፤ ከእሳት የቀረ ከሰል ካለበት ግን ከዚያም ያነሰ ነው የሚያገኘው። ከካርቦን ወደ ኦርጋኒክ ቁስ ለመሻገር የሚያገለግለው 1.724ም ልማዳዊ ቁጥር እንጂ ለሁሉም አፈር የሚሠራ ሕግ አይደለም። በእኛ አካባቢ ደግሞ ሌላ ነገር አለ፤ ከድሬዳዋ ዙሪያ ያለው ተራራ በብዛት የኖራ ድንጋይ ነው። ጠቅላላ ካርቦን የሚለካ መሣሪያ የሚጠቀሙ ከሆነ የኖራውን ካርቦን አስቀድመው በቀጭን ሃይድሮክሎሪክ አሲድ ካላስወገዱ የድንጋይ ካርቦን ከሕይወት ካርቦን ጋር ተደምሮ ይወጣልዎታል። ምድጃው ከ550 አልፎ እንዳይሄድም ይቆጣጠሩ፤ ሙቀቱ እየጨመረ ሲሄድ ኖራው ራሱ መፍረስ ይጀምራል።

ጥያቄ (ከከዚራ፣ ነጋዴ)፦ ከተራራ ላይ ጥቁር ድንጋይ አግኝቻለሁ። ነዳጅ ሊሆን ይችላል?

መልስ፦ ወንድሜ፣ ጥቁርነት ብቻ ማስረጃ አይሆንም፤ በአካባቢያችን የሚገኘው ጥቁር ድንጋይ አብዛኛውን ጊዜ ባዛልት ነው፣ ከእሳተ ገሞራ የወጣ በመሆኑም ኦርጋኒክ ቁስ የለበትም። ነዳጅ የሚወለደው ደቃቅ ከሆነ የደለል ድንጋይ ነው። የተቀበረው ቁስ ቀስ በቀስ ኬሮጅን የሚባል፣ በተለመዱት ኦርጋኒክ ማሟሚያዎች የማይሟሟ ነገር ይሆናል፤ ድንጋዩ ወደ ጥልቅ ወርዶ ሙቀቱ ከ60 እስከ 120 ዲግሪ ገደማ ሲደርስ ኬሮጅኑ ዘይት ይሰጣል፣ ከዚያ በላይ ሲሞቅ ጋዝ። ከእኛ በደቡብ ምሥራቅ፣ በኦጋዴን፣ በካሉብና በሂላላ የሚገኘው የተፈጥሮ ጋዝ የዚህ ዓይነት ታሪክ ውጤት ነው።

ነዳጅ ከሕይወት መምጣቱ የተረጋገጠበትን መንገድ ሳልጠቅስ ማለፍ አልፈልግም። ጀርመናዊው ኬሚስት አልፍሬድ ትራይብስ እ.ኤ.አ. በ1930ዎቹ አጋማሽ በድፍድፍ ነዳጅ ውስጥ ፖርፊሪን የተባሉ ሞለኪውሎችን አገኘ፤ አጽማቸውም ቅጠልን አረንጓዴ ከሚያደርገው ከክሎሮፊል ጋር አንድ ነበረ። ሙያችን የተወለደው በዚያ ግኝት ነው፤ ከሚሊዮኖች ዓመታት በኋላ የቅጠል ቀለም ዘይት ውስጥ መታወቁን ሳስብ እስከ ዛሬ እደነቃለሁ።

ጥያቄ (ከጀጎል)፦ የድሮው ዝናብስ ከጭቃ ይታወቃል?

መልስ፦ ይታወቃል። ተክል ሰሙን የሚሠራበት ሃይድሮጅን ከጠጣው ውሃ የመጣ ነው፤ በሐሩር አካባቢ ዝናብ ሲበዛ ደግሞ ከባዱ ሃይድሮጅን በውሃው ውስጥ ያንሳል። ጄሲካ ቲርኒና ፒተር ዲሜኖካል እ.ኤ.አ. በ2013 ባወጡት ጥናት ከኤደን ባሕረ ሰላጤ ደለል የቅጠል ሰም አውጥተው፣ የአፍሪካ ቀንድ ከዛሬ 5,000 ዓመት ገደማ በፊት ከእርጥበት ወደ ድርቀት በጥቂት መቶ ዓመታት ውስጥ እንደ ተሻገረ አሳይተዋል። ያ ሰም በነፋስ ተወስዶ ባሕር ውስጥ የወደቀው ከእኛው ቀጠና ቅጠል ጭምር መሆኑ ለእኔ ትልቅ ነገር ነው።

ጥያቄ (ከድሬዳዋ፣ የሁለተኛ ዲግሪ ተማሪ)፦ ዕድሜውን በካርቦን 14 ለማስለካት ከሐይቁ ቀንድ አውጣ ልላክ? ናሙናውንስ እንዴት ልያዝ?

መልስ፦ ቀንድ አውጣውን አትላክ። ማንቆርቆሪያችን ውስጥ የሚጋገረውን ነጭ ቅርፊት ታውቀዋለህ፤ ውሃው ከኖራ ድንጋይ አሟሙቶ ያመጣው ነው። በዚያ ድንጋይ ውስጥ ካርቦን 14 የለም፤ ግማሹ በ5,730 ዓመት ውስጥ ስለሚያልቅ ከድንጋዩ ከጠፋ ብዙ ዘመን ሆኖታል። ካርቦን 14 ያነሰበት ነገር ያረጀ ስለሚመስል፣ ዛጎሉን ከእንዲህ ያለ ውሃ የሠራ እንስሳ ከትክክለኛ ዕድሜው በመቶዎች አንዳንዴም በሺዎች ዓመታት አርጅቶ ይታያል። ከአየር ብቻ የተመገበ የየብስ ተክል ዘር ወይም የቀጭን ጭራሮ ከሰል ፈልግ።

አያያዙን በሚመለከት አጥብቄ የምናገርህ፣ እ.ኤ.አ. በ1999 ከምዕራብ አውስትራሊያ 2.7 ቢሊዮን ዓመት ዕድሜ ካለው ድንጋይ የሕይወት ሞለኪውሎች ተገኙ ተብሎ ብዙ ተጽፎበት ነበርና ነው። በ2015 የወጣው ጥናት እጅግ በጥንቃቄ በተቆፈረ አዲስ ናሙና ሲፈትሸው ሞለኪውሎቹ አልተገኙም፤ የቀደሙት ከኋላ የገባ ብክለት ነበሩ። አንተም እጅህን ቅባት ሳትቀባ ጓንት አድርግ፤ ጭቃውን በፌስታል አትያዝ፣ ፕላስቲክ የራሱን ሞለኪውል ይለቅበታልና። የመስታወት ዕቃህንና የምትጠቀልልበትን የአሉሚኒየም ወረቀት በ450 ዲግሪ ለብዙ ሰዓት አቃጥላቸው። ከጭቃው ናሙና ጎን ምንም ጭቃ የሌለበት አንድ ባዶ ጠርሙስ አብሮህ ሜዳ ሄዶ፣ አብሮህ ተመልሶ፣ በዚያው አሠራር ያለፈ ይኑር፤ በእርሱ ውስጥ የተገኘ ነገር ሁሉ ከአንተ የመጣ ነው። ጭቃውን እንዳወጣኸው በበረዶ ሳጥን ውስጥ አስገባው፤ የድሬዳዋ ቀትር ባክቴሪያውን በፍጥነት ስለሚያነሣሣው፣ ከተቻለ ናሙና የምትወስደው ገና ሳይነጋ ይሁን።