«የጨለማው ጌታ» መጀመሪያ ምን ነበር?

ጥያቄ፦ መምህር፣ ቃለ ሕይወት ያሰማልን። የሦስተኛ ዓመት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ነኝ፤ በግቢ ጉባኤም አገለግላለሁ። በዐቢይ ጾም መካከል የእንግሊዛዊውን ደራሲ የቶልኪንን «የቀለበቶቹ ጌታ» ስልኬ ላይ ማንበብ ጀምሬ ሦስቱንም ቅጽ ጨረስኩት። አንድ ወንድም አየኝና «ሰይጣንን ጌታ ብሎ የሚጠራ መጽሐፍ፣ ያውም በጾም?» ብሎ አስደነገጠኝ። እኔን ግን ይበልጥ ያስጨነቀኝ ሌላ ነው። ሳውሮን የሚባለው የጨለማው ጌታ ከመጀመሪያው ክፉ እንዳልነበረ መጽሐፉ ይናገራል። አመጣጡን ፈልጌ ሳነብ ደግሞ አዘንኩለት። ይህ ለሰይጣን ማዘን ይሆንብኛል? እንዲህ ያለው ፍጡር መልካም ከነበረስ ክፋት ከየት መጣ? ለንስሐ አባቴ ልንገራቸው ብዬ ሦስት ጊዜ ስልኩን አንስቼ መልሼ አስቀመጥኩት። አፈርኩ።

መልስ፦ እኅቴ፣ ጥያቄሽ ሲደርሰኝ መጽሐፉን በስም እንጂ በንባብ አላውቀውም ነበር። ሳላነብ ብፈርድ ሐሜት ይሆንብኛል ብዬ የእኅቴን ልጅ ጠየቅኩት፤ እንደ ጡብ የወፈረ ነገር አምጥቶ ጠረጴዛዬ ላይ ዘፍ አደረገልኝ። መልሱ የዘገየው በዚያ ውፍረት ነውና ይቅርታ አድርጊልኝ።

የወንድማችንን ነገር እናስቀድም። «ጌታ» ስንል ክርስቶስን ማለት ስለለመድን ቃሉ ጆሮ ይነካል። ነገር ግን የቤት ጌታም የሎሌ ጌታም ጌታ ይባላል። መጽሐፍ ቅዱስ ዲያብሎስን «የዚህ ዓለም ገዥ» (ዮሐ. 12፥31)፣ ከዚያም አልፎ «የዚህ ዓለም አምላክ» (2ኛ ቆሮ. 4፥4) ብሎታል፤ ስለዚህ ግን ጳውሎስ ለሰይጣን ሰገደ የሚል የለም። የልብ ወለዱም ርእስ «ሁሉ የእኔ ነው» ባዩን ነው የሚጠራው፤ ታሪኩም ያ ጌትነት እንዴት እንደፈረሰ የሚተርክ ነው። ወንድማችን ሽፋን አንብቦ ፈርዷል። የጾሙን ነገር ግን ኋላ እመለስበታለሁ፤ እርሱ ላይ እውነት አለው።

ቶልኪን ከ1892 እስከ 1973 በፈረንጆች አቆጣጠር የኖረ የኦክስፎርድ መምህርና አጥባቂ ካቶሊክ ነበር። በ1953 ለአንድ ወዳጁ በጻፈው ደብዳቤ ሥራው በመሠረቱ ሃይማኖታዊና ካቶሊካዊ መሆኑን፣ መጀመሪያ ሳያስበው፣ ሲያርመው ግን አውቆ እንዲህ እንዳደረገው ገልጿል። የሳውሮን ኃይል ያለበት ቀለበት የሚጠፋበትን ቀን እንኳ ማርች 25 አድርጎታል፤ በምዕራባውያን ዘንድ የብስራት በዓል ነው። ያ ቀን በጥንቱ የዩልዮስ አቆጣጠር ሲሰላ የእኛው መጋቢት 29፣ በዓለ ጽንሰት ላይ ያርፋል። ይህን ሳሰላ ለብቻዬ ፈገግ አልኩ።

አንቺ ያነበብሽው የሳውሮን አመጣጥ በስፋት የሚገኘው ደራሲው ከሞተ በኋላ ልጁ በ1977 ባሳተመው መጽሐፍ ነው። በዚያ ታሪክ አንድ ፈጣሪ አለ፤ ኢሉቫታር ይባላል። መናፍስትን ፈጥሮ ዝማሬ ሰጣቸው። ከሁሉ የበለጠ ጸጋ የተቀበለው ሜልኮር ግን የገዛ ዜማውን አስገብቶ ማኅሌቱን አወከ። ሕይወት ለመስጠትም ተመኝቶ የማይጠፋውን እሳት በባዶው ሲያስስ ከረመ፤ እሳቱ ያለው ከፈጣሪው ዘንድ ነበርና አላገኘውም። ሳውሮን የዚህ የሜልኮር ሎሌ እንጂ የክፋት መጀመሪያ አይደለም። ወደ እርሱ ከመኮብለሉ በፊት አውሌ የሚባል የአንጥረኛ መንፈስ ባለሟል ነበር፤ ደራሲው በሌላ ማስታወሻው እንደጻፈው ስሙም ማይሮን፣ ድንቅ እንደ ማለት።

እዚህ ስደርስ መጽሐፉን ዘግቼ የስድስቱን ቀን ፍጥረት የሚተርከውን አክሲማሮስን አነሣሁ። አባቶቻችን የሚተርኩትን አንቺም ሰምተሽዋል። ሳጥናኤል የመላእክት አለቃ፣ አቅራቤ ስብሐት ነበር፤ ምስጋናውን የሚያቀርበው እርሱ ነው። ፈጣሪ ራሱን በሰወረ ጊዜ መላእክቱ «ማን ፈጠረን?» ሲባባሉ ወደ ላይ ቢመለከት ከእርሱ በላይ ማንም አልታየውም፤ «እኔ ፈጠርኋችሁ» አለ። ያኔ ነው ቅዱስ ገብርኤል «ንቁም በበህላዌነ እስከ ንረክቦ ለአምላክነ» ብሎ ያረጋጋቸው፤ አምላካችንን እስክናገኘው በያለንበት ጸንተን እንቁም ማለቱ ነው። ኦክስፎርድ የተቀመጠው ሰውዬ ይህን ከእኛ አልቀዳም፤ የእርሱ ምንጭ የምዕራቡ ትውፊት ነው። የሚያገናኘን «በእውነት አልቆመም» (ዮሐ. 8፥44) የሚለው የጌታ ቃል ነው። አልቆመም ከተባለ ሊቆም ይችል የነበረ ቦታ ነበረው።

እንግዲህ ክፋት ከየት መጣ ላልሽው፦ ክፋት ፈጣሪ የለውም፣ ባሕርይም የለውም። በሦስተኛው መቶ ዓመት በፋርስ የተነሣው ማኒ ብርሃንና ጨለማ ከጥንት ጀምሮ የሚዋጉ ሁለት ሥሮች ናቸው ብሎ አስተማረ፤ ቤተ ክርስቲያን አወገዘችው። ቅዱስ ባስልዮስ በሰጠው ምሳሌ ላስረዳሽ። ዓይን ተፈጥሯል፤ ዕውርነት ግን አልተፈጠረም፣ ዓይን ሲጠፋ የሚመጣ ነው። «ዕውርነትን ማን ሠራው?» ብለሽ አንጥረኛ ብትፈልጊ አታገኚም።

ዓይን ካነሣን አይቀር። ከመጽሐፉ በተሠራው ፊልም ሳውሮን ግንብ ላይ የሚነድ አንድ ዓይን ሆኖ ይታያል። በመጽሐፉ ግን አካል አለው፤ ያየው ፍጡር ጥቁር እጁ ላይ የቀሩት አራት ጣቶች ብቻ መሆናቸውን ይናገራል፤ አንዱ ከነቀለበቱ ተቆርጧል። ቢሆንም ምልክቱ ዓይን ነው፣ ያውም አንድ። የሀገራችንን የግድግዳ ሥዕል ልብ ብለሽ ካየሽ ቅዱሳኑ ፊት ለፊት፣ በሁለት ዓይን ያዩሻል፤ አይሁድ ጌታን ሲገርፉ፣ ወታደሩ፣ ጋኔኑ ግን በጎን፣ በአንድ ዓይን ይሣላሉ። ሠዓሊዎቻችንና ቶልኪን አልተገናኙም፤ እኔም ምሥጢር ላበጅለት አልፈልግም። ግን ክፉው የጎደለ እንጂ የተለየ ፍጡር አለመሆኑን ቀለም የያዘ እጅም ያውቀዋል።

በነገራችን ላይ ጨለማን ከክፋት ጋር አንድ አታድርጊው። በእኛ ትምህርት ጨለማ ራሱ ፍጥረት ነው፤ እሑድ ከተፈጠሩት ስምንቱ አንዱ። ዳዊትም «ጨለማን ታደርጋለህ፥ ሌሊትም ይሆናል» ብሎ ያመሰግንበታል። ማኅሌቱ የሚቆመው፣ ሰዓታቱ የሚደርሰው በሌሊት ነው፤ ጌታም የተወለደው በሌሊት ነው። «የጨለማው ጌታ» የሚባል ሁሉ በሌላ ሰው ርስት ላይ የተቀመጠ ወራሪ ነው፤ ጨለማው እንኳ የእርሱ አይደለም።

አሁን አንቺን ያሳዘነሽ ጋ ደረስን። ማይሮንን ወደ ክፋት የወሰደው ምን ነበር? ዝሙት አይደለም፣ ደም ጥማትም አይደለም። ሥርዓት ይወድ ነበር። የተዝረከረከ ነገር፣ የሚባክን ጊዜና ጉልበት ያበሳጨዋል፤ የሜልኮር ኃይል ደግሞ ሁሉን ባንዴ መልክ የሚያስይዝለት መሰለው። በኋላም ኤልፍ ለተባሉት የታሪኩ ፍጡራን አንጥረኞች የመጣው መልከ መልካም ሆኖ ነው፤ ስሙን «የስጦታ ጌታ» አሰኝቶ ጥበብ አስተማራቸው። «ሰይጣን ራሱ የብርሃንን መልአክ እንዲመስል ራሱን ይለውጣልና» (2ኛ ቆሮ. 11፥14)። በመጽሐፈ ሄኖክም አዛዝኤል ለሰዎች ሰይፍና ጋሻ መሥራትን ሲያስተምር ታገኚዋለሽ። (ይህን ብዬ አንጥረኛን ሁሉ ቡዳ የሚል አጉል ልማዳችንን ማገዜ እንዳይመስልሽ። ባስልኤልን በወርቅና በናስ ሥራ ጥበብ የሞላው የእግዚአብሔር መንፈስ ነው፤ ዘጸ. 31ን ተመልከቺ።)

እውነቱን ልንገርሽ፤ እዚያ ገጽ ላይ ራሴን አየሁት። ከዓመታት በፊት ለጥምቀት የሰንበት ትምህርት ቤት ሕፃናትን በቁመት አሰልፌ ነበር። ታቦቱ ሊወጣ ሲል አንዲት የሰባት ዓመት ልጅ የጫማዋ ክር ተፈትቶ ጎንበስ አለች፣ መስመሩ ተጣመመ። ጮህኩባት። ነጠላዋ ውስጥ ገብታ አለቀሰች፤ ከኋላ ያሉትም ደንግጠው ቀጥ አሉ። ሰልፉ አማረ፤ ሰውም «እንዴት ያለ ሥርዓት ነው!» ብሎ አደነቀኝ። መልካም ነገርን ወደድኩ፣ ከልጅቷ ግን አስበልጬ ወደድኩት። ክፋት እንዲህ ካለ ቦታ ይጀምራል ብል ያጋነንኩ አይመስለኝም።

ማዘንሽን በተመለከተ አትደንግጪ። ሶርያዊው አባት ማር ይስሐቅ የሚራራ ልብ ምንድር ነው ተብሎ ሲጠየቅ፣ ለፍጥረት ሁሉ የሚነድ ልብ ነው፣ ለሰው፣ ለአዕዋፍ፣ ለእንስሳት፣ ለአጋንንትም ጭምር ይላል። ከዚህ ሁሉ በላይ ደግሞ የራሳችን እናት አለችልሽ። ቅድስት ክርስቶስ ሠምራ ሰይጣንን ማርልኝ፣ ከአዳም ልጆች ጋር መዋጋቱን ይተው ብላ ጌታን ለመነች። ገድሏ እንደሚነግረን ቅዱስ ሚካኤልን አስከትላ እስከ ሲኦል ወረደችና ጠራችው። እርሱ ግን ዕርቁን መቀበል ቀርቶ እጇን ይዞ ወደ ውስጥ ጎተታት፤ ሚካኤል በሰይፉ አስጣላት፤ ስትወጣም ብዙ ነፍሳትን ይዛ ወጣች። ማዘኗ ነውር አልሆነባትም፤ ጌታም አልገሠጻትም። እንቢ ያለው ተለማኙ ጌታ ሳይሆን የተለመነለት ነው።

በልብ ወለዱም ይኸው አለ፤ አንቺ ያለፍሽው ይመስለኛል። ሜልኮር ተሸንፎ በታሰረ ጊዜ ሳውሮን መልከ መልካም ሆኖ በአሸናፊዎቹ አዋጅ ነጋሪ ፊት ወደቀ፣ ክፉ ሥራውንም ሁሉ ካደ። ምናልባትም የምሩን ነበር፣ ከፍርሃት ቢሆንም። አዋጅ ነጋሪው ግን «እኔ ልፈታህ ሥልጣን የለኝም፤ ተመልሰህ በበላዮች ፊት ቁም» የሚል መልስ ሰጠው። ሳውሮን አፈረ። ተዋርዶ መመለስና ረጅም የባርነት ዘመን ተፈርዶበት ታማኝነቱን ማሳየት ከበደው፤ ተደበቀ፤ ያው የቀድሞው ነገር መልሶ ያዘው።

በዚህ ላይ የቤተ ክርስቲያናችን ትምህርት ከልብ ወለዱ እንደሚለይ አትርሺ። አጋንንት ከወደቁ በኋላ ወደ ንስሐ የሚመለሱ አይደሉም፤ ልብ ወለድ ግን ለሰይጣኑም የሰው ልብ ይሰጠዋል፣ የሚጻፈውም ስለ ሰው ነውና። ስለ መላእክትና ስለ አጋንንት መማር ከፈለግሽ መጽሐፍ ቅዱስሽንና አክሲማሮስን ያዢ፤ የሳውሮንን ታሪክ እንደ ትምህርተ ሃይማኖት አትጥቀሺ። በግቢ ጉባኤም በስብከት መካከል አታስገቢው፤ ግማሹ ታዳሚ ፊልሙን ስላላየ ግራ ይጋባል፣ ያየው ግማሽ ደግሞ ስብከቱን ትቶ ስለ ፊልሙ ያወራል።

ማንበቡ ኃጢአት ነው ወይ? ይኸው ባስልዮስ ለወጣቶች በጻፈው ምክር ስለ አረማውያን መጻሕፍት ሲናገር ንብን ምሳሌ ያደርጋል፤ ንብ አበባ ሁሉ ላይ አታርፍም፣ ያረፈችበትንም ሁሉ አትሸከምም። ያንቺን መጽሐፍ አበባ ነው እላለሁ፤ የእኔ አስተያየት ነው። ወቅቱን ግን አጥተሽዋል። ሦስት ቅጽ በዐቢይ ጾም ከተጨረሰ፣ ሌሊቱ ከየት መጣ? ውዳሴ ማርያሙ ስንት ቀን ታጎለ? ሰባት ሰዓት ድረስ ስልክ ላይ ቆይቶ ጠዋት ኪዳን ያመለጠ ስንት ጊዜ ነው? ለንስሐ አባትሽ የምትነግሪው ይህን ነው እንጂ «ልብ ወለድ አነበብኩ» ብቻ ብለሽ አትለፊው፤ እርሱ ቀላሉ ነው።

ስልኩን ሦስት ጊዜ አንስተሽ አስቀምጠሻል። የአዋጅ ነጋሪውን ቃል አስቢና አሁን ለአራተኛ ጊዜ አንሺው፤ ወይም ከስልኩ ይልቅ ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ራስሽ ሂጂ፣ ፊት ለፊት ይሻላል። ቀኖናው ምናልባት ጥቂት ስግደት ይሆናል፣ ምናልባትም መጽሐፉን እስከ ፍልሰታ እንዳታነሺው ይሉሽ ይሆናል፤ ያሉሽን ተቀበዪ። ታሪኩ ምን እንደሆነ ከጠየቁሽ ደግሞ አሳጥሪላቸው። አባ ራሳቸው ካላነበብኩት ብለው መጽሐፉን ቢያስፈልጉ፣ የእኅቴን ልጅ መጽሐፍ ገና አልመለስኩትም።

ወስብሐት ለእግዚአብሔር።