መልስ፦ «ሲክ» ስድብ ነው ወይ ላልከው

ወንድሜ፣ ፎቶህን አይቶ በእንግሊዝኛ «ሲክ» (sick) ያለህ ሰው አልሰደበህም፤ አድንቆሃል። ሐይቁ ዳር፣ አሞራ ገደል ላይ ያነሳኸውን ፎቶ «ሲክ» ያለው እኛ ሐዋሳ ላይ «ያበደ ፎቶ» እንደምንለው ነው፤ አብዷል ብለን ጸበል አንወስደው! መዝገበ ቃላትህ «የታመመ» ማለቱም ልክ ነው፣ ግን የመጀመሪያውን ፍቺ ብቻ አይተህ ዘግተኸዋል። ወረድ ብለህ የአራዳውን ፈልግ፤ የኪስ መዝገበ ቃላት ከሆነ ግን አትልፋ። ስለ ራሱ «አይ አም ሲክ» ካለህ በቃ አሞታል፣ ሄደህ ጠይቀው።

እንደ «ሲክ» ያሉ ሌሎች የእንግሊዝኛ ቃላትም አሉ። «ካፕ» ኮፍያ ነው፣ በአራዳ ውሸት። «ኖ ካፕ» ሲልህ «ሙት፣ እውነቴን ነው» ማለቱ ነው። «ጎት»ም ፍየል ብቻ አይደለም፤ «ግሬተስት ኦፍ ኦል ታይም» ሲያጥር ነው፣ የምንጊዜም ምርጥ። ኳስ የሚያይ ሁሉ ያውቀዋል። ብቻ ፈተና ላይ እንዳትጽፋቸው።