ባለ ሰይፉን ስትይዝ፦ ስለ ዮሺሚትሱ ለጠየቃችሁኝ

ባለፈው ስለ ቴከን ሁለት መስመር ጣል ባደርግ መልእክቱ ጎረፈ። ጎንደር ኳስ ጌም ብቻ የሚጫወት ከተማ ይመስለኝ ነበር፤ ተሳስቻለሁ። የሚገርመው አብዛኛው ጥያቄ ስለ አንድ ሰው ነው። ስለ ዮሺሚትሱ፣ ጭምብል አጥልቆ ሰይፍ ስለሚይዘው፣ ጌም ቤት ውስጥ «ባለ ሰይፉ» ስለምንለው።

ለማታውቁት፦ ቴከን ሁለት ሰው ፊት ለፊት ቆሞ የሚደባደብበት ጌም ነው፤ ላይፉ፣ ማለትም የቀረው ጉልበት፣ ያለቀበት ራውንዱን ይሸነፋል። የመጀመሪያው በ1994 ወጣ (በፈረንጆቹ ነው የምቆጥረው)። ዮሺ ከዚያ ጀምሮ ከዋናዎቹ የቴከን ጌሞች ከአንዱም አልቀረም። ሌላው አብዛኛው በቡጢና በእርግጫ ሲመጣ እሱ ሰይፍ ታጥቆ ይመጣል። በየጌም ቤቱ ያለው ማሽን ስለሚለያይ መልሶቼ በቴከን 3 እና በቴከን 7 መካከል ይመላለሳሉ። አትቀየሙኝ።

«ጋሼ፣ እኔ ዮሺን ነው የምይዘው። ትልቁ ሰይፍ ካረፈ ላይፉን ገመስ ያደርገዋል። ግን አያርፍም! ሰይፉን እስካነሳ ሁለት ቡጢ ቀምሼ ወድቄያለሁ። ምን ይሻለኛል?» — ከአዘዞ

ሰይፍህ ደህና ነው። የምትመዝበት ሰዓት ነው የተበላሸው።

የዮሺ ትልልቅ የሰይፍ ምቶች ብሎክ አይደረጉም። ሰውየው ወደ ኋላ ተጭኖ ቢቆምም፣ ቁጭ ብሎ ቢከላከልም ሰይፉ ይገባል። ይህን የመሰለ ነገር በነጻ አይሰጥም፤ ስለዚህ ምቱን አንቀራፈፉት። ሰይፉ ሲነሳ ያበራል፣ ዮሺም ለአፍታ እንደ ሐውልት ይቆማል። ነቃ ያለ ልጅ ያቺን ብርሃን ካየ ወይ ፈጣን ቡጢ ይልክብሃል፣ ወይ አንድ እርምጃ ወደ ጎን ይወጣና ከጀርባህ ይገኛል።

በቁጥር እንየው። ጌሙ በሰከንድ 60 ፍሬም ይሄዳል፤ ፍሬም ማለት አንድ ሥዕል ነው። በቴከን 7 የብዙዎቹ ፈጣን ቡጢ በ10 ፍሬም ትደርሳለች። የሰከንድ ስድስተኛ እጅ ማለት ነው። ትልቁ ሰይፍ የዚህን ብዙ እጥፍ ይፈልጋል። እንግዲህ ፊት ለፊት ተፋጥጣችሁ ሰይፍ ካነሳህ ውድድሩን ሳትጀምር ተሸንፈሃል።

ታዲያ መቼ ይመዘዝ? ሰውየው እጁን በማይልክበት ሰዓት። ብዙ ልጅ ላይፉ ሲያልቅ ይፈራና ብሎክ አድርጎ ይደርቃል። ያኔ ነው። ወይም ወድቆ ቀስ ብሎ ሲነሳ፣ ገና ምን ላድርግ እያለ።

አንድ ጊዜ ፒያሳ አንድ ልጅ ሲጫወት ቆሜ አየሁ። ጆይስቲኩን ጭኑ ላይ አስተኝቶ ነው የሚጫወት። ሁለት ሙሉ ራውንድ ሰይፉን ጨርሶ አልነካም። ቡጢ፣ እርግጫ፣ ቡጢ። ከጎኑ የተቀመጠው ጎረምሳ ዮሺ ሰይፍ እንዳለው ጭራሽ የረሳ ይመስላል። ሦስተኛው ራውንድ ላይ ጎረምሳው ብሎክ አድርጎ ሲጠብቅ ልጁ አንዴ፣ አንዴ ብቻ መዘዘ። ጎረምሳው ጆይስቲኩን ሲያስረክብ እንኳ አፉ አልተዘጋም ነበር። ከዚያ ቀን ጀምሮ ስለ ዮሺ ያለኝ ሐሳብ ይኸው ነው፤ ሰይፉ የሚሠራው አፎቱ ውስጥ እያለ ነው።

«ሰይፉን የገዛ ሆዱ ላይ የሚሰካው ምን ነክቶት ነው? በስህተት ተጭኜ ራሴን ገደልኩ። ዶርም ውስጥ እስካሁን ይስቁብኛል።» — ተማሪ፣ ከማራኪ

ብቻህን አይደለህም ወንድሜ፤ የኔን ልንገርህ።

ከዓመታት በፊት ነው፣ አንድ ጠባብ ጌም ቤት ውስጥ። ሕጉ «ተሸናፊ ይነሳል» ነው። ስድስት ሰው በተራ አስነስቻለሁ። ሰባተኛው እግሩ ከወንበሩ መሬት የማይደርስ ልጅ ነው። የሁለታችንም ላይፍ ጭላጭ ቀርቷል። ወደ ታች ብዬ በእርግጫ ልጨርሰው ስል አውራ ጣቴ የጆይስቲኩን ካሬና ክብ ቁልፎች አንድ ላይ ረገጠ። ዮሺ ሰይፉን አዞረና ሆዱ ላይ ሰካው። ልጁ ምንም አልነካም። ዞር ብሎ አየኝና «ጋሼ፣ ይነሱ» አለኝ። ቤቱ በሳቅ ተናጋ።

ወደ ታች ከካሬና ከክብ ጋር፤ አደጋው ያለው እዚያ ነው። ሐራኪሪ ይሉታል፤ እጅ ከመስጠት ራሱን ይወጋ ከነበረው የጃፓን ሳሙራይ ልማድ የተወሰደ ነው። እጅ አልሰጥም ማለትን ለጎንደር ሰው አላስረዳም።

ጥቅም አለው ወይ ላልከው፣ አለው። ሰውየው ደረትህ ላይ ከተለጠፈ ሰይፉ እሱንም ያገኘዋል፤ ብሎክም አይደረግም። ያንተ ላይፍ ብዙ፣ የሱ ትንሽ ሆኖ ተጠግቶ ሲያጣድፍህ ጥሩ መላ ነው። ራቅ ብሎ ከቆመ ግን ሰይፉ የሚጎዳው አንተን ብቻ ነው። ላይፍህ ካለቀማ ያው እንደኔ ትነሳለህ።

«ወንድሜ ገና ሲመታ እግሩን አጣጥፎ ቁጭ ይልና ላይፉን ይሞላል። ስጠጋው ብን ብሎ ሌላ ቦታ ነው። ልፋቴ ሁሉ ከንቱ!» — እህት፣ ከአራዳ

ወንድምሽ ብልጥ ነው፤ አንቺ ደግሞ አዘንሽለት መሰለኝ።

ያ አቀማመጥ የዮሺ ማሰላሰያ ነው። ቁጭ ሲል ላይፉ ቀስ እያለ ይመለሳል፤ ቀስ የምትለዋን ያዢልኝ። ከሩቅ ቆመሽ ካየሽው ይጠግብሻል። ቶሎ ከደረስሽበት ግን ቁጭ እንዳለ ብሎክ ማድረግ አይችልም። ስህተትሽ ምናልባት ቆመሽ ወደ ፊቱ ቡጢ መላክሽ ነው፤ እሱ መሬት ላይ ስለሆነ ቡጢሽ በአናቱ ያልፋል። መሀሉን ወይም እግሩን የሚመታ ነገር ላኪ። ጎንበስ ብለሽ በእግር መጥረግ ይበቃል።

ብን የሚለውን በተመለከተ፣ ከቦታ ቦታ መሰወር ይችላል፤ እውነት ነው። እየሮጥሽ አትግቢበት። ሁለት እርምጃ ስትቀሪ ቆም በይ። ከተሰወረ ብቅ ሲል ጠብቂው፤ ካልተሰወረ ጥረጊው። ሁለት ሦስት ጊዜ ከተጠረገ መቀመጡን ራሱ ይተወዋል።

«እንደ እንዝርት ሲሽከረከር ቆይቶ ለምን ይንገዳገዳል? ጌሙ ተበላሽቶ ነው?» — ከአውቶብስ ተራ

አልተበላሸም፤ ዞሮበት ነው። ሽክርክሪቱን ካበዛኸው ራሱን ያዞረዋል። ሁለት ሦስቴ አዙረህ ተው። ተጋጣሚህ ዮሺ ከሆነ ደግሞ ብሎክ አድርገህ ታገሥ፤ ሲዞርበት የፈለግከውን አድርገው።

«እኛ ቤት ቴከን 7 ነው ያለው። ጓደኛዬ ኮምቦ (ተከታታይ ምት) ልጀምር ስል በሰይፍ ብልጭ አድርጎ ይቆርጠኛል። እንደሱ ፈጣን ነገር አይቼ አላውቅም፤ ሕጋዊ ነው?» — ከቀበሌ 18

ሕጋዊ ነው፣ ያናድዳል፣ መድኃኒትም አለው።

ካሬና ክብ አንድ ላይ ሲጫን የሚወጣው ነው፤ «ፍላሽ» ይሉታል። በ6 ፍሬም ይወጣል። ያንተ ፈጣን ቡጢ 10 ፍሬም እንደሚፈልግ ቅድም ብያለሁ። ልዩነቱ ዓይን ከምትርገበገብበት ያነሰ ነው፤ አንተ ቡጢ ለመላክ ስታስብ እሱ ጨርሷል። አጥቅተህ አጥቅተህ በመሀል ትንሽ ክፍተት ከተውክ ያቺን ክፍተት በፍላሽ ይሞላታል። የዮሺ እውነተኛ ጉልበት ይህ ነው እላለሁ። ትልቁን ሰይፍ ሁሉ ሰው ያየዋል፤ ጨዋታ የሚያበላሸው ይህ ትንሹ ነው። ከዮሺ ጋር የሚጫወት ሰው ፍላሽ ሳይመጣም ፍላሽን እየፈራ ነው የሚጫወተው።

ድክመቱን ግን ስማ። ክንዱ አጭር ነው፤ ግማሽ እርምጃ ከራቅክ አይደርስብህም። እንደ ትልቁ ሰይፍ አይደለም፣ ብሎክ ይደረጋል። ብሎክ ካደረግከው ደግሞ ዮሺ እጁን እስኪሰበስብ ጊዜ ይፈጅበታል፤ ቅጣው። ስለዚህ ሁለት ቡጢ ላክና ድንገት ተወው። ምንም አትጫን፣ ብሎክ ብቻ። ጓደኛህ ልምድ ሆኖበት ብልጭ ያደርጋል፤ ያንን ይዘህ ትልቁን ኮምቦህን ጀምር። አንድ ምሽት እንዲህ ካደረግከው ጣቱ ማመንታት ይጀምራል። ያመነታ ዮሺ ደግሞ ግማሽ ዮሺ ነው።

«ልጄ አሥራ ሁለት ዓመቱ ነው። ሰይፍ የሚማዘዙበት ጌም ነው አሉኝ የሚጫወተው። እጅ እግር ይቆራረጣል ወይ? ልከልክለው?» — እናት

እትዬ፣ ቴከን ከሆነ አይቆራረጥም። ሰይፍ ሲያርፍ እሳት የመሰለ ብልጭታ ይታያል፣ ሰውየው ይወድቃል፣ በሚቀጥለው ራውንድ ድኖ ይነሳል። በአሜሪካኖቹ መመዘኛ ለ13 ዓመትና ከዚያ በላይ የተፈቀደ ነው። ሞርታል ኮምባት የሚባለው ግን ሌላ ነው፤ እዚያ ደሙም መቆራረጡም አለ፣ የተፈቀደውም ከ17 ዓመት ጀምሮ ነው። ስሙን ይጠይቁት። ከቻሉ አንድ ቀን አብረውት ገብተው ይዩት፤ ያፍራል፣ ግን ይለምደዋል።

«ሁልጊዜ የጃፓን ሰይፍ! ፋሲል ግቢ ሥር ተወልደን ሾተል የያዘ ሰው በጌም ሳናይ ልንሞት ነው?» — ስሜ ይቅር ያለ

ይህን ጥያቄ ወደድኩት።

ሾተል አለ። ግን ዳርክ ሶልስ በሚባለው ጌም ውስጥ ነው፤ በ2011 የወጣ፣ እንደ ቴከን ሁለት ሰው ፊት ለፊት አቁሞ የሚያደባድብ ያልሆነ። ስሙ ራሱ «ሾተል» ነው። ደስ ያለኝ አሠራሩ ነው፤ በኃይል ሲመታ የተቃራኒውን ጋሻ አልፎ ይገባል። የሠሩት ሰዎች አጥንተውታል ማለት ነው። የእኛ ሾተል እንደ ማጭድ የጎበጠው ለጌጥ አይደለም። ባለ ጋሻውን ፊት ለፊት ከመምታት ይልቅ ጫፉ በጋሻው ጠርዝ ዞሮ ከኋላ ያለውን ሰው እንዲያገኝ ነው።

በቴከን ቋንቋ ሳስበው፣ ሾተል ያዥ ቢኖር ብሎክ አድርጎ የሚደርቅን ሰው የሚቀጣ ይሆን ነበር። ድክመቱም ከቅርጹ ይመጣል። የጎበጠ ስለት ቀጥ አድርጎ ለመውጋት አይመችም፣ የሌላውን ሰይፍ ለመመከትም አስቸጋሪ ነው፣ ከአፎቱ መምዘዙም ጊዜ ይወስዳል። ስለዚህ ከሩቅ በቀጥታ የሚወጋው ሰው ያስቸግረዋል። እኔ ብሠራው ጎራዴ የያዘ ወንድም እጨምርለት ነበር፤ አንዱ ለጋሻ፣ አንዱ ለፍጥነት። ኮምፒውተር የምትማሩ ልጆች፣ ሰምታችኋል?

«ሶልካሊበር ላይ ሚትሱሩጊን ይዤ ሁልጊዜ በጎን እያለፉ ይመቱኛል።» — ከፒያሳ

ከላይ ወደ ታች ብቻ እየመታህ ነው። ሶልካሊበር ሁሉም መሣሪያ ይዞ የሚዋጋበት ጌም ነው፣ ሚትሱሩጊም ባለ ሰይፍ ሳሙራይ፤ እዚያ ከላይ ወደ ታች የሚወርድ ምት ጠንካራ ነው፣ ግን ሰው ወደ ጎን ሲወጣ ያልፈዋል። አግድም የሚጠርገው ሰይፍ ጉዳቱ ያነሰ ቢሆንም ወደ ጎን የሚወጣውን ይይዘዋል። ሁለት ጊዜ አግድም አሳየው፤ መውጣቱን ሲተው ከላይ አውርድበት። ዮሺሚትሱ የሚባልም እዚያ አለ፣ ስሙ ከአንዱ መሪ ወደ ሌላው የሚወረስ ነው፤ ሁለቱም ጌሞች የአንድ ኩባንያ ናቸው።

«የጌም ቤታችን ባለቤት ‹ከዛሬ ጀምሮ ዮሺ አይያዝም› አለ። ፍርድ ይስጡን።» — አምስት ልጆች፣ አንድ ስልክ

ባለቤቱ ምናልባት በዮሺ ተሸንፎ ይሆናል።

ቀልዱን ትቼ፣ ፍርዴ ለእናንተ ነው። ትልቁ ሰይፍ ወደ ጎን በመውጣት ይከሽፋል። ፍላሽ በብሎክ ይቀጣል። የተቀመጠው ይጠረጋል፣ የሚሽከረከረው ይዞርበታል፣ ሐራኪሪውም ይበልጥ የሚጎዳው ዮሺን ራሱን ነው። መልስ የሌለው ነገር የለውም። ጌም ቤት ውስጥ ሕግ የሚያስፈልገው ለዮሺ ሳይሆን፣ በእርግጫ እየደነሰ የሚዋጋውን ኤዲን ይዞ ዓይኑን ጨፍኖ ሁለቱን የእርግጫ ቁልፎች ለሚወቅጠው ሰው ነው። እሱን ማንም አልከለከለም!

ለባለቤቱ እንዲህ በሉት፦ ዮሺ ከተፈቀደ አንዳችሁ ባለ ሰይፉን ትይዛላችሁ፣ እሱ የፈለገውን ይይዛል፣ አሥር ጨዋታ በናንተ ሒሳብ። ሰይፉ ሲያበራ ወደ ጎን ይውጣ። ከሰባተኛው በኋላ ራሱ «ዮሺን ስጡኝ» ማለቱ አይቀርም። እምቢ ካለ ቤቱ የሱ ነው፤ ማሽኑም፣ መብራቱም፣ ሕጉም። እናንተም ሳንቲማችሁን ይዛችሁ ቁልቁል ወዳለው ጌም ቤት ውረዱ፤ እዚያ ትናንት ማታ ዮሺ ሲያዝ በዓይኔ አይቻለሁ።